ማዕዘን አራት ነው

ሲኖትራኩ በጉና ትከሻ ያለውን ዳገት እያቃሰተ ሲወጣ ደሳለኝ በጎን መስተዋቱ ጭነቱን ያይ ነበር። ስምንት መቶ ብሎኬት። ነፋሱ ሸራውን ገለብ ባደረገው ቁጥር ከኋላ፣ ከቀኙ ጠርዝ ሁለተኛው ብሎኬት ብቅ ይላል፤ ጎኑ ላይ አተር የምታህል የከሰል ነጥብ አለችበት። ነጥቧን ያደረገው እርሱ ነው። ብሎኬቱንም የሠራው እርሱ ነው፤ እጥፍ ሲሚንቶ ሰጥቶ፣ አንድ ወር ሙሉ በእርጥብ ጆንያ ጠቅልሎ፣ ጧትና ማታ ውሃ እያጠጣ።

«የሚጣለው ብሎኬት በቦታው አለ?» አለ ሚሊዮን፣ ዓይኑን ከስልኩ ሳያነሣ። ከመሪው አጠገብ ባለው ሶኬት ስልኩን ለመሙላት ሲል መሐል ተቀምጧል።

«አለ።»

«አየኸው?»

«አየሁት፣ ኢንጂነር።»

ሚሊዮን ባሕር ዳር የተማረው ንግድ ሥራ ነው። ባለፈው ዓመት ወደ አባቱ የብሎኬት ፋብሪካ ሥራ አስኪያጅ ሆኖ ሲመለስ ግን «ኢንጂነር» መባል እንደሚመርጥ በጸሐፊዋ በኩል ለሠራተኛው ተነገረ። ደሳለኝ ይህን ልጅ በአሸዋ ክምር ላይ ሲንከባለል ያውቀዋል፤ «ጋሼ ደሳለኝ፣ እኔ ላጠጣልህ» እያለ የውሃ ቱቦውን ከእጁ ይቀማው ነበር። አሁን የሃያ ስድስት ዓመቱ ልጅ አንቱ ይባላል፣ የሠላሳ ስምንት ዓመቱ ደሳለኝ ደግሞ «ደሴ» ሆኗል።

ሾፌሩ ተስፋሁን ማርሽ ቀየረና በመስኮቱ ምራቁን ተፋ። ከንፋስ መውጫ ከተነሡ ሦስት ቃል አልተናገረም። ጊዜው የ2011 ዓ.ም. ጥር፣ ከጥምቀት በኋላ ያለው የመጀመሪያው ዓርብ ነበር። ጭነቱ እስቴ ውስጥ፣ ከመካነ ኢየሱስ ወዲህ ላለች አንዲት የገጠር ደብር ነው፤ የአብነት ተማሪዎች ማደሪያ ይሠራበታል።

በገዢ ፊት ብሎኬት ከትከሻ መጣል የተጀመረው በሚሊዮን አባት፣ በአቶ አዱኛ ነው። በ1998 ዓ.ም. አንድ በእጅ የሚመታ የብረት ቅርጽ ደብረ ታቦር አስበይደው መጥተው በቤታቸው ጓሮ ብሎኬት ማውጣት ሲጀምሩ፣ የጋይንት ሰው የሚያውቀው የባሕር ዛፍ ማገርና በገብስ ጭድ የተረገጠ ጭቃ ብቻ ነበር። «አመድ ነው፤ ክረምት ሲመጣ ይሟሟል» ብለው ሳቁባቸው። አቶ አዱኛ አልተከራከሩም። በገበያ ቀን አንዱን ብሎኬት ትከሻቸው ላይ አድርገው ገበያው መሐል ቆሙና፣ «ከዚህ ሲወድቅ ከተሰበረ ጭነቱ በሙሉ በነፃ የናንተ ነው!» ብለው ለቀቁት። አልተሰበረም።

ከዚያ በኋላ አንድ ግድግዳ ሌላ ግድግዳ ወለደ። መጀመሪያ የሱቅ ግድግዳ፣ ከዚያ የቀበሌ ጽሕፈት ቤት፣ ከዚያ የጤና ኬላና ትምህርት ቤት። የእጅ ቅርጹ በማሽን ተተካ፤ አንዱ ማሽን ሁለት ሆነ፤ የውሃ መውረጃ ቱቦና የወለል ንጣፍ ተጨመረ። ሰማንያ ሠራተኛ ገባ። መኪኖቹ እስከ ስማዳና እስከ እስቴ ይዘልቁ ጀመር፤ በሮቻቸው ላይም ብሎኬት የተሸከመ ሰው ተሥሎ፣ ከሥሩ «ከትከሻ ወርዶ የማይሰበር!» ተባለ። አቶ አዱኛ በሄዱበት ሁሉ «እናንተ ምረጡ፣ እኔ ልጣል» ይሉ ነበር። ገዢው ግን አይመርጥም። ከሩቅ የመጣን ሰው ዕቃ መነካካት ነውር ነውና «እርስዎ የወደዱትን» ይላቸዋል። እርሳቸውም ዓይናቸውን ጨፍነው አንዱን ይመዙ ነበር።

ሚሊዮን ከአባቱ ንግድ አብልጦ የተማረው ይህችን ነውር ነው። ማንም እንደማይመርጥ ካወቀ፣ ለመጣል የሚሆን አንድ ብሎኬት ለብቻው ተሠርቶ ቢጫን ምን አለበት?

አቶ አዱኛ ግማሽ ጎናቸው ከሰነፈ ዓመት አልፏቸዋል። አልጋቸው በመስኮቱ በኩል ነው፤ መስኮቱም ሲሚንቶ ወደሚቦካበት ያሳያል። ስለዚህ ሲሚንቶ አልተነካም። ብሎኬት እንዲጠነክር ውሃ የሚጠጣበት ቦታ ግን ከመጋዘኑ ጀርባ ነው፤ ከአልጋው አይታይም። ድሮ አሥራ አራት ቀን ይጠጣ የነበረው ወደ ሰባት ወረደ። ዛሬ የጫኑት ከቅርጽ ከወጣ ሦስት ቀኑ ነው፤ ከነዚያም ውስጥ ውሃ ያገኘው አንዱን ቀን ብቻ ነው።

«ኢንጂነር» አለ ደሳለኝ፣ «ይህ ጭነት እኮ…»

«ጀመርክ ደግሞ።» ሚሊዮን ስልኩን ጭኑ ላይ አስቀመጠ። «ውሃው በቦቴ ነው የሚመጣው። ቦቴው ሲበላሽ ምን ላድርግ፣ ልጸልይ? ትዕዛዝ ሰጪው ቀነ ገደብ አለው። ሰማንያ ሰው እንጀራ ይበላበታል፤ አንተም ጭምር። ሌላው አምራች ሲሚንቶውን ራሱን ይቀንሳል። እኛ ቀንሰናል?»

«አልቀነስንም።»

«ታዲያ?»

ደሳለኝ ወደ ጎን መስተዋቱ ዞረ። የተባለው ሁሉ እውነት ነበር፤ የከበደውም እሱ ነው። ውሸት ቢሆን ኖሮ ይከራከረው ነበር።

ክምር ድንጋይ ከምትባለው ከተማ ሲደርሱ ሚሊዮን መኪናውን ከመንገድ ዳር አስቆመ። በጉዞው ጫፍ ጫፋቸው የተፈረፈሩ ብሎኬቶች በጎን በኩል ይታዩ ነበር። ከወንበሩ ሥር ግማሽ ባልዲ ሲሚንቶና ብሩሽ ወጣ። ደሳለኝ በውሃ በጠበጠውና የተቦደሰውን እየደፈነ፣ በሰው ዓይን የሚገባውን ረድፍ ቀባ። ቀለሙ እርጥብ የአህያ ጀርባ መሰለ። አንዱን ጥግ ሲነካ ብሩሹ ራሱ አፈሩን ይዞ ወረደ። እጁን በሱሪው ጠረገ፤ ሲሚንቶው አልለቀቀውም።

«ሬሳ መገነዝ ትችላለህ» አለው ተስፋሁን ከኋላው መጥቶ።

«አንተስ? ሬሳውን የምትነዳው አንተ አይደለህ?»

ተስፋሁን ጎማውን በእግሩ መታ መታ አደረገና ወደ መሪው ተመለሰ።

ደብረ ታቦር ለምሳ ወረዱ። ደሳለኝና ተስፋሁን ሽሮ አዘዙ። ሚሊዮን «መንገደኛ አይጾምም» ብሎ ጥብስ አስመጣና ቅባቱ በጣቶቹ መሐል እየወረደ በላ፤ አጥንቱን እየጋጠም በስልክ ስለ ነገው የስማዳ ጭነት ተነጋገረ። እስቴ ሊገቡ ሲቃረቡ ማስቲካ አኘከ፣ ከቦርሳው ነጠላ አወጣና በቆዳ ጃኬቱ ላይ መስቀለኛ አጣፋው። የማስቲካና የሥጋ ሽታ ባንድ ላይ ጋቢናውን ሞሉት። ደሳለኝ መስኮቱን እስከ መጨረሻው ከፈተ።

የደብሩ ሰው ከመንገዱ ጫፍ ጀምሮ ቆሞ ይጠብቅ ነበር። ከፊት የቅኔ መምህሩ የኔታ ወልደ ሰንበት፣ መቋሚያቸውን ብብታቸው ሥር አድርገው፤ አጠገባቸው የሕንፃ ኮሚቴው ሰብሳቢ ወይዘሮ አስካለ። ከኋላ ደበሎ የለበሱ ተማሪዎች።

«እንኳን ደኅና መጣችሁ ልጆቼ፤ አቀበቱ አደከማችሁ» አሉ የኔታ።

ሚሊዮን ጎንበስ ብሎ መስቀል ተሳለመ። «አባታችን፣ ሥራው የርስዎ፣ ድካሙ የኛ።»

ወይዘሮ አስካለ የተቀባውን ረድፍ በመዳፋቸው ዳበሱ። «እሰይ! እንግዲህ ሰው ሲያስል የሚወድቅ ግድግዳ ቀረልን!»

ጥቂቶች ሳቁ፤ የኔታ አልሳቁም። በመቋሚያቸው ጎርበጥ ያለ የአፈር ክምር አመለከቱ። «አምና በነሐሴ የወደቀው ይህ ነው» አሉ ለደሳለኝ፣ ቅርብ ስለነበረ። «ጭቃው ውሃ ጠጥቶ ሌሊት ተናደ። ሦስት ነበሩ፤ ሁለቱን አወጣን። ሦስተኛው ቅኔ የጀመረ ነበር፣ ከስማዳ የመጣ። አሁን አርባ ሁለት ናቸው። ለዚህ ነው ጭቃ ይብቃን ያልነው።»

ደሳለኝ የአፈሩን ክምር አየ፤ ከዚያ በሲሚንቶ ውሃ የነጣውን የራሱን እጅ። እጁን ከጀርባው ደበቀው።

«አሁን ልማዳችንን እንፈጽም!» አለ ሚሊዮን ድምፁን ከፍ አድርጎ፤ ስልኩን ለመቅረጽ ቀጥ አድርጎ ይዟል። «አባቴ ያቆየው ሕግ ነው። ከትከሻ ወርዶ ከተሰበረ ጭነቱ በሙሉ የናንተ! አባታችን፣ እርስዎ ይምረጡ።»

«ኧረ ልጄ! የወደዳችሁትን» አሉ የኔታ፣ እንደተጠበቀው።

ደሳለኝ ወደ ኋላ ዞረ። እጁ ነጥቧን ሳያይ አገኛት። ብሎኬቱን ትከሻው ላይ አወጣ፣ ጠጠራማው መሬት ላይ ለቀቀው። እንደ ደወል ጮኸና አንድ ጊዜ ተንከባለለ። ጠርዙ እንኳ አልተነካም። እልልታው ከገደሉ ማዶ ተመልሶ ተሰማ። ሚሊዮን ስልኩን ከብሎኬቱ ወደ ሰዉ፣ ከሰዉ ወደ በሩ ሥዕል አዞረ።

የኔታ ቀስ ብለው ተጠጉ፣ ጎንበስ አሉና ብሎኬቱን በመስቀላቸው ባረኩት። «ይህ የማዕዘን ይሁን። ወድቆ የተነሣ ነው፤ ለማዕዘን ይገባዋል።» ተማሪዎቹ ተሸክመው በተቆፈረው መሠረት በምሥራቁ ጥግ አኖሩት። ደሳለኝ ነገሩ ያለቀ መስሎት ሸራውን ሊፈታ ዞረ።

«ማዕዘን ግን አራት ነው» አሉ የኔታ።

ሚሊዮን ፈገግታውን ሳያጠፋ፣ «እንዴት አባታችን?»

«የቀሩት ሦስቱም ይጣሉ እንጂ።»

«አንዱ ለሁሉ ምስክር ነው እኮ የኔታ። ደግሞ መሽቶብናል፣ ሰዎቹም ደክመዋል…»

«ለፈተና አይደለም ልጄ፤ ቃላችሁንማ አምነናል። አንዱ ተባርኮ ሦስቱ ዝም ብለው ቢቀመጡ ለማዕዘኑ አይገባም። ክብሩ እንዲደርሳቸው ነው።»

ሚሊዮን ወደ ደሳለኝ ተጠግቶ፣ ከንፈሩን ሳያንቀሳቅስ፣ «ከመሠረቱ የወጣው አፈር ላይ፣ በሆዱ፣ ቀስ ብለህ» አለው።

ደሳለኝ እንዲህ መጣል ያውቃል። ጉልበትን ሸብረክ አድርጎ፣ ለስላሳ አፈር ላይ በጠፍጣፋው በኩል ከለቀቁት ጭቃም አይሰበርም። አንድ ብሎኬት አነሣ። የቀባው ሲሚንቶ በመዳፉ ላይ እንደ እከክ ተላጠ። ወደ ተቆፈረው አፈር ሁለት እርምጃ ተራመደ፤ ከአፈሩ ክምር አጠገብም ደረሰ። የትኛው ክምር እንደሆነ ለማየት ቆም አለ። አዲስ የተቆፈረው ከግራው ነው፤ ከቀኙ ያለው በነሐሴ የተናደው።

ዞረና ወደ ጠጠሩ ተመለሰ። ከትከሻው ለቀቀው።

የመሰበር ድምፅ አልነበረም። ብሎኬቱ እንደ ሻገተ ዳቦ ተፈረፈረ፤ ትንሽ አቧራ ተነሣና ቆመ። ደሳለኝ ማንንም ሳያይ ሌላ አነሣና ጣለ። ሦስተኛውንም። ሦስቱም አንድ ክምር ሆኑ።

በመጀመሪያ የተናገረው ሚሊዮን ነበር።

«ቃል ቃል ነው!» ብሎ ጮኸ፣ ስልኩን ወደ ራሱ ፊት አዙሮ። «ይኸው ተሰበረ! ጭነቱ በሙሉ ለቅዱሱ ቦታ በነፃ! አዱኛ ብሎኬት ቃሉን አያጥፍም! እልል በሉ እንጂ!»

እልል አሉ። ከቀድሞው ይበልጥ እልል አሉ። ወይዘሮ አስካለ ሁለት እጃቸውን ወደ ሰማይ ዘርግተው እንባ ባቀረሩ ዓይኖች ሚሊዮንን መረቁት። ሚሊዮን ምርቃቱን አንገቱን ደፍቶ ተቀበለ፤ ስልኩን የያዘው እጅ ግን አልዘነበለም።

ደሳለኝ ፍርስራሹን ረግጦ ወደ ፊት ወጣ።

«አትሥሩበት!» አለ።

እልልታው እየተበጠሰ ቆመ።

«ምን አልክ?» አሉ ወይዘሮ አስካለ።

«አትሥሩበት። ሦስት ቀኑ ነው። ውሃ አልጠጣም። የመጀመሪያው ለብቻው የተሠራ ነው፤ የሠራሁት እኔ ነኝ። የቀባሁትም እኔ ነኝ።» እጁን አሳየ።

«እግዜር የሰጠንን አንተ ልትነሣን ነው? ስጦታ ነው ተባለ እኮ!»

«ግድግዳው በነፃ ስለሆነ ቀስ ብሎ አይወድቅም፣ እናቴ።»

«ደክሞት ነው» አለ ሚሊዮን ለሰዉ። ከዚያ ለደሳለኝ ብቻ፣ «ነገ እንዳትመጣ።»

የኔታ የተፈረፈረውን በመቋሚያቸው ጫፍ በተኑት፣ ጎንበስ ብለውም ቆንጥረው በጣታቸው ፈተጉት። ቀና ሲሉ ሚሊዮንን አላዩትም።

«ውሃ ቢጠጣ ይድናል?» ሲሉ ደሳለኝን ጠየቁት።

«ሲሚንቶው አልጎደለም። በጥላ ሆኖ አሥራ አራት ቀን ቢጠጣ አብዛኛው ይድናል። የማይድን ይኖራል።»

«የሚድነውን ከማይድነው ማን ይለይልናል?»

«እኔ እቆያለሁ።»

ብሎኬቱን አራግፈው ሲጨርሱ ፀሐይ አዘቅዝቃ ነበር። ሚሊዮን ወደ መሠረቱ ሄደና በምሥራቁ ጥግ የተቀመጠውን ብሎኬት አየው። «ተስፋሁን፣ ይህንን ጫን። ነገ ስማዳ ያስፈልገናል።»

«የተባረከ ነው!» አሉ ወይዘሮ አስካለ ደንግጠው።

«የተሰጣችሁ ተሰባሪው ነው፤ ሕጉ እንደዚያ ይላል። ይህ አልተሰበረም።»

ተስፋሁን «ወገቤን» አለና ጋቢናው ውስጥ ገብቶ በሩን ዘጋ። ሚሊዮን ራሱ መሠረቱ ውስጥ ገብቶ በሁለት እጁ አቅፎ አወጣው። ነጠላው መሬት ለመሬት ተጎተተ፣ የብሎኬቱ ጠርዝም ያዘውና ተረተረው። የኔታ አልከለከሉም፤ ብቻ ከመንገዱ ገለል አሉለት፣ ሰው ቆሻሻ ተሸክሞ ለሚያልፍ እንደሚያደርገው። ሚሊዮን ብሎኬቱን ደሳለኝ ተቀምጦበት በመጣው ወንበር ላይ አስቀመጠው። መኪናው ሲዞር ደሳለኝ በመስኮቱ አየው፤ ጎኑ ላይ የከሰሏ ነጥብ አለች።

ያን ዕለት ማታውኑ ተማሪዎቹ በጀሪካን ከምንጭ ውሃ ያመላልሱ ጀመር። ብሎኬቱን ከደብሩ ዋርካ ጥላ ሥር ደርድረው በእርጥብ ሣር አለበሱት። የመጀመሪያው ውሃ ሲፈስበት እስስ… የሚል ድምፅ አወጣ፤ ደረቁ ሲጠጣ ነው። ወይዘሮ አስካለ ሁለት ቀን አኩርፈው ቆዩና በሦስተኛው የራሳቸውን እንስራ ይዘው መጡ። «ለበሬዬ እንኳ እንዲህ አላጠጣሁ» አሉት፣ ፊቱን ሳያዩ።

በአምስተኛው ቀን ደሳለኝ ለአቶ አዱኛ ደወለና ብሎኬቱ መፈርፈሩን ነገራቸው። ስልኩን ጆሯቸው ላይ የያዘላቸው ሰው ነበር።

«ሲሚንቶው…» አሉ፣ ምላሳቸው እየተሳሰረ፣ «…አልቀነሰም። አያለሁ።»

«አልቀነሰም ጋሼ። ውሃው ነው። ከመጋዘኑ ጀርባ፣ ውሃው።»

ከዚያ መስመሩ ተዘጋ፤ ማን እንደዘጋው አላወቀም። ማታ ተስፋሁን ደውሎ፣ «ቅዳሜ ስማዳ ላይ ሌላ ሰው ጣለው። አልተሰበረም፤ እልል አሉ» አለው።

«አንተስ?»

«እኔ መኪና ውስጥ ነበርኩ።» ከዚያ፣ «ለስማዳው ቀበሌ ሊቀ መንበር ግን ስልክህን ሰጥቼዋለሁ» ብሎ ዘጋ።

በአሥራ አምስተኛው ቀን ጧት የኔታ ከቅዳሴ ወጥተው ወደ ዋርካው መጡ። ደሳለኝ ሣሩን ገፎ ጠበቃቸው፤ የተሻለ የመሰለውንም አንዱን አንሥቶ ትከሻው ላይ አደረገ።

«እሱን አስቀምጠው» አሉት።

በሰባ ዓመታቸው የሰው ዕቃ መርጠው የማያውቁት ሽማግሌ በረድፉ ዳር ተራመዱ። ቆሙ፤ አለፉ፤ ተመለሱ። ጎንበስ ብለው አንዱን በጥፍራቸው ጫሩት። ፊታቸው ላይ ያን ቀን ያልነበረ ጥርጣሬ አለ፤ ደሳለኝ ያመጡት እርሱና ሚሊዮን እንደሆኑ ያውቃልና ዓይኑን ወደ መሬት አደረገ። በመጨረሻ መቋሚያቸው ከመሐል፣ ከታችኛው ረድፍ፣ ማንም ለመምዘዝ የማያስበውን አንዱን ነካ።

ደሳለኝ የላዩን አንሥቶ መዘዘው። ትከሻው ላይ አወጣው። ወደ ጠጠሩ ሄዶ ለቀቀው።

ጮኸ። ጠርዙ ትንሽ ተላጠ እንጂ አልተሰበረም።

ወይዘሮ አስካለ እጃቸውን ለእልልታ ወደ አፋቸው ወሰዱ። የኔታ መቋሚያቸውን ከፍ አድርገው አስቆሟቸው፤ ወደ ረድፉም ተመለሱ።

«ሌላ» አሉ።